የአበባ ሐረግን በግቢያችን ስለ ማባዛት

(በእድራችን ዓመታዊ ጠቅላላ ስብሰባ ላይ በአትክልት ንዑስ ኮሚቴው የቀረበ ንግግር)



ስለ ድንኳኑና ስለ መዋጮው ሊቀመንበሩና ገንዘብ ያዡ ጨርሰውታል፤ እኛ የምናወራው ስለ አበባ ሐረግ ነው። «ይሄ ደሞ የእድር ጉዳይ ነው ወይ?» የሚል አይጠፋም። መንገዱ ሊሰፋ በመሆኑ አጥራቸው የሚነሳባቸው አባላት እንዳሉን ታውቃላችሁ። የአንዷ እናታችን በር ላይ ያለውን ቡገንቪሊያ የተከሉት በሕይወት የሌሉት ባለቤታቸው ናቸው። ነቅለን እናዛውረው ብንል፣ ያረጀ ቡገንቪሊያ ሥሩ ሲነካ መትረፉ ያጠራጥራል። ከቅርንጫፉ ቆርጠን ብናፈላው ግን የሚበቅለው ራሱ ነው። ከዘር የሚበቅል ተክል ከሁለት ወገን የተቀላቀለ ነው፤ ከቁራጭ የሚበቅለው ግን ያው ተክል በሌላ ቦታ ሲቀጥል ነው፤ ቀለሙም ሳይቀር።

እንግዲህ ጥፋታችንን አስቀድመን እንናገር። በ2015 ዓ.ም. ለእድሩ አጥር ብለን 30 ቁራጭ የተከልነው በሐምሌ ነበር። ዝናብ አለ፣ ምን ይቸግራል ብለን። ቅዝቃዜውና ውሃው አንድ ላይ ሆነው ግማሹን ከሥር አጠቆሩት፤ በሰበሰ። የቀረው በሦስተኛው ሳምንት ቅጠል ሲያወጣ እልል አልን። ከዚያ አንዳችን ሥር መያዙን ለማየት አንዱን ሳብ አደረገው፤ ምንም ሥር የለውም። «ያኛውስ?» እያልን ሁሉንም ነካካናቸው። መስከረም ላይ የተረፉት 4 ብቻ ነበሩ፤ እነሱም በጓሮ በኩል ያልደረስንባቸው ናቸው። ለካ ቁራጩ ቅጠል የሚያወጣው እንጨቱ ውስጥ ካጠራቀመው ስንቅ ነው፤ ሥር የሚመጣው ኋላ ነው። ቅጠሉ አታለለን።

አሁን የምንሠራው እንዲህ ነው። ቁራጩን የምንወስደው ሙቀቱ ሳያልፍ፣ ከመጋቢት አጋማሽ እስከ ሚያዝያ ነው፤ ክረምቱ ሲከብድ ሥር ይዞ ይጠብቀዋል። ለምለሙ ጫፍ አይሆንም፤ ይጠወልጋል። እርሳስ የሚያህል ውፍረት ያለው፣ ጠንከር ያለ፣ ርዝመቱ ከ15 እስከ 20 ሳንቲ ሜትር የሆነ፣ ሦስት አራት አንጓ ያለው ይመረጣል። ታችኛው ጫፍ ከአንጓ ሥር ቀጥ ብሎ፣ ላይኛው ሰያፍ ሆኖ ይቆረጥ፤ አለዚያ ተገልብጦ ይተከላል፤ ደርሶብናል። ቅጠሉ ይመልመል። የወንዝ አሸዋና ብስባሽ እኩል ተቀላቅሎ፣ ቂጡ በተበሳ ጣሳ ወይም በተቆረጠ የውሃ ፕላስቲክ ውስጥ ሁለቱ አንጓ እስኪሸፈን ይተከልና፣ ነጭ ፌስታል ደፍቶበት ጥላ ሥር ይቀመጣል። አፈሩ እርጥብ ይሁን እንጂ ጭቃ አይሁን። ከዚያ ሁለት ሦስት ወር እጅን መሰብሰብ ነው! ሥሩ በጣሳው ቀዳዳ ብቅ ሲል ያኔ ከነአፈሩ ይዛወራል፤ ሥሩ እንደ ክር ቀጭን ስለሆነ አፈሩን ማራገፍ አያስፈልግም።

ቡገንቪሊያ የደቡብ አሜሪካ ተክል ነው፤ ስሙን ያገኘው እ.ኤ.አ. ከ1766 እስከ 1769 ዓለምን በመርከብ ከዞረው ከፈረንሳዊው ቡገንቪል ነው። አበባ የምንለው ቀዩ ነገር ደግሞ ቅጠል ነው፤ አበባው መሃል ላይ ያለችው ትንሿ ነጭ ናት። የሚጠመጠምበት እጅ ስለሌለው ካልታሰረ አጥር አይወጣም። ፀሐይ ይወዳል። ፍግና ውሃ ያበዛችሁለት እንደሆነ ቅጠል ብቻ ሆኖ ይቀራል፤ «የኔ አያብብም» የሚሉን አባላት አብዛኞቹ የሚያጠጡት በየቀኑ ነው።

የአገራችን ጠምበለል ግን ከዚህም ይቀላል። በደጋው ጫካ ዳርና ቁጥቋጦ መሃል የምናውቀው፣ ነጭ አበባው የሚሸተው ሐረግ ነው። መሬት የቀረበውን ቅርንጫፍ አጎንብሶ፣ ከአንጓው ሥር ልጡን ጫር አድርጎ፣ ጫፉን ውጭ አስቀርቶ መሃሉን መቅበርና ድንጋይ መጫን ብቻ ነው። (መቅበሩንስ እኛ የእድር ሰዎች ማን ይብለጠን!) ቅርንጫፉ ከእናቱ ስላልተቆረጠ ሥር እስኪያወጣ እሷ ትመግበዋለች፤ ስለዚህ የሚከስር የለም። ጥቂት ወራት ቆይቶ ሲጠነክር ከእናቱ ቆርጦ ወደሚፈለገው ቦታ ማዛወር ነው። ፓሽን ፍሩት ለምትፈልጉ በፍሬው፣ በዘሩ ይበቅላል፤ ብዙ ወሬ አያሻውም።

ከእናታችን በር ላይ ቁራጩን የምንወስደው በመጋቢት ሦስተኛው እሑድ ጧት፣ ከቅዳሴ መልስ ነው። እሳቸው ፈቅደዋል፤ «ለሁላችሁም ይድረስ፣ ለኔም ለአዲሱ ቤቴ ሁለት አትርፉልኝ» ብለዋል። እኛ ስድስት እናፈላላቸዋለን፤ አንዳንዱ ይሞታልና። አጥራችሁ የሚነሳ ሌሎች አባላትም እስከዚያው ለጸሐፊው አስመዝግቡ። ስትመጡ ጣሳ፣ ፌስታልና የተሳለ መቀስ ያዙ፤ እሾሁ ክፉ ነውና ጓንትም ቢኖር መልካም ነው።