መጀመሪያ ዳጉ፣ ከዚያ ካሜራ



ተመራቂዎች፣ የከብት ጤናና የግጦሽ ትምህርት ለጨረሰ ሰው ፊልም ሠሪ ምን ሊል ተጠራ ትሉ ይሆናል። ሥራዬ ከአገሩ የወጣን ሰው ሕይወት በዶክመንተሪ መቅረጽ ነው፤ ለዚህ ሥራ ደግሞ ከዚህ ከአፋሯ ገዋኔ የተሻለ ትምህርት ቤት አላውቅም።

ወደ ጅቡቲ የሚወስደው አስፋልት የሚያመላልሰው ተሳቢ መኪና ብቻ አይደለም። ከወሎ፣ ከሐረርጌ፣ ከአርሲ የተነሱ ወጣቶች የአፋርን ምድር አቋርጠው የጅቡቲዋ ኦቦክ ይደርሳሉ፤ ከዚያ በጀልባ የመን፣ ከየመን ሳዑዲ። አንዱን እዚሁ ሻይ ቤት በራፍ ላይ አገኘሁት። የውሃ ጠርሙሱን በእርጥብ ካልሲ ጠቅልሎ በገመድ አንጠልጥሏል። ካሜራዬን ሳላወጣ፣ አጠገባችን የተቀመጡ አንድ የአፋር አባት ቀደሙኝ። በየት መጣህ? ውሃ የት አገኘህ? መንገድ ላይ ማንን አየህ? ልጁ ሁሉንም መለሰ። ከዚያ ተራው የእሳቸው ሆነ፤ ከፊቱ ያለውን መንገድ ነገሩት፤ የቱን በዓይናቸው እንዳዩ፣ የቱን ከማን እንደሰሙ እየለዩ። ይህ የአፋሮች የወሬ ልውውጥ፣ ዳጉ ነው፤ ለናንተ አልነግርም። የእናቱ ላም ተሸጣ ለደላላ እንደተከፈለ ልጁ የተናገረው ለእሳቸው ነው እንጂ ለኔ አልነበረም።

ብዙው የስደት ፊልም ይህን የመጠያየቅ ተራ ያፈርሳል። አንዱ ይጠይቃል፣ ሌላው ያለቅሳል፣ ፊልሙ ባሕር ማዶ ይታያል። ሰውየው ሙያ እንዳለው፣ ቀልድ እንደሚያውቅ፣ የሚናፍቀው ሰፈር እንዳለው ሳንሰማ ያልቃል። የተሻለ ያሳዩን ግን አሉ። ራሳቸው ከአገር ወጥተው አሜሪካ የኖሩት ፕሮፌሰር ሳሌም መኩሪያ፣ በ1991 እ.ኤ.አ. በሠሩት «ስደት» ሱዳን የነበሩ የኢትዮጵያና የኤርትራ ሴቶች ታሪካቸውን በራሳቸው አንደበት ተርከዋል። ሐረር ያደገችው ጄሲካ በሽር ደግሞ በ2021 እ.ኤ.አ. ለወጣው «ፋያ ዳዪ» ዓመታት ወደዚያው ተመላልሳለች። በፊልሙ፣ በጫት አምራቾች መካከል ሆኖ ልሂድ ወይስ ልቅር እያለ የሚብሰለሰለውን ልጅ አትቸኩልበትም።

የአፋር ልጆች መቀረጽን ታውቁታላችሁ። ካሜራ የሚመጣው ለዳሎል ሙቀትና ለጨው ግመል ነው። እዚሁ ቡሪ 160 ሺህ ዓመት ገደማ ያስቆጠረ የራስ ቅል ሲገኝ ዓለም ሰማ፤ ዛሬ ቡሪ ላይ ከብት የሚያግደውን ሰው ግን እንዴት ዋልክ ያለው ጥቂት ነው።

አሁን እናንተም ካሜራ ይዛችሁ ልትወጡ ነው፤ ስልካችሁን ማለቴ ነው። የከሳ ከብት ታነሳላችሁ፣ ከሪፖርት ጋር ለወረዳ ትልካላችሁ። ከማንሳታችሁ በፊት ተቀመጡ። ክትባቱ መቼ እንደሚደርስ የምታውቁትን ንገሩ፣ የማታውቁትን አላውቅም በሉ። ፎቶውን ከወረዳው በፊት ባለቤቱ ይየው።

የሥራ ቅጥሩ ቢዘገይ የኦቦክን መንገድ የሚያስብ ከመካከላችሁ እንደማይጠፋ አውቃለሁ፤ አልፈርድበትም። ከመነሳቱ በፊት ግን ከዚያ መንገድ የተመለሱትን ፈልጎ አጠገባቸው ይቀመጥ፤ እሱም ያለውን ወሬ ይዞ።