የቻይና ሾርባ በጉለሌ
(በተማሪዎች ስብሰባ ላይ የተደረገ ንግግር)



ዛሬ በፊታችሁ የቆምነው ስለ ሾርባ ለመናገር ነው። አትሣቁብን፤ ነገሩ ከድስቱ አልፎ የሚሄድ መሆኑን በመጨረሻው ታዩታላችሁ።

በጉለሌ፥ ከሽሮ ሜዳ አጠገብ፥ አንድ ቤት ተከራይተን የምንኖር አራት ወንዶች ነን። ከመካከላችን አንዱ በከተማችን ካሉት የቻይና ምግብ ቤቶች በአንደኛው ተጋብዞ ዎንቶን የተባለውን ሾርባ ቀምሶ መጣና ለሳምንት ያህል ሌላ ወሬ አልነበረውም። ዎንቶን በስስ ሊጥ የተጠቀለለ ሥጋ ሲሆን በመረቅ ውስጥ ይቀርባል፤ በካንቶን ስሙ የሚጻፍባቸው ፊደላት ትርጓሜ «ደመና መዋጥ» ነው። ኪሳችን ለምግብ ቤት ስለማይበቃ እኛው በቤታችን እንሥራው ብለን ተነሣን።

የመጀመሪያው ሙከራችን ውርደት ነበር። ሊጡን አቡክተን ወዲያው ብንዳምጠው እንደ ላስቲክ እየተሰበሰበ አስቸገረን። በግድ ጠቅልለን መረቁ ውስጥ ብንጨምረው ተፈታና ድስቱ ሙሉ አጥሚት መሰለ። አከራያችን እማማ በበሩ ብቅ ብለው አዩና፥ «ልጆቼ፥ ሊጥም እኮ እንደ ሰው ዕረፍት ይፈልጋል። ሳምቡሳ ሲሠራ አይታችሁ አታውቁም?» አሉን። በልተን እናውቃለን፤ ሲሠራ ግን ቆመን አይተን አናውቅም ነበር።

በሚቀጥለው ቅዳሜ እርሳቸው እየተቆጣጠሩን እንደ ገና ጀመርን። 300 ግራም የስንዴ ዱቄት፥ 1 ዕንቁላልና ጥቂት ጨው፥ አንድ ሲኒ ያህል ውሃ በጥቂት በጥቂቱ እየጨመርን 10 ደቂቃ አሸነው። ከዚያ በእርጥብ ጨርቅ ሸፍነን 30 ደቂቃ አሳረፍነው። ስንዴ ሲታሽ ግሉተን የተባለው ነገር ይወጠራል፤ ሲያርፍ ግን ይላላል። መዳመጫ ስለሌለን በባዶ ጠርሙስ ዳመጥነው፤ ከሥሩ ያለው የጋዜጣ ጽሕፈት ሊታይ እስኪቃረብ ድረስ ማሳሳት ነው። በአራት ጣት ስፋት አራት ማዕዘን አድርገን ብንቆርጠው ወደ 40 ደረሰልን።

ለውስጡ ቻይናዎች የሚያዘወትሩት የዓሣማ ሥጋና ሽሪምፕ ነው። እኛ 250 ግራም የዶሮ ሥጋ በደቃቁ ከትፈን ከዝንጅብል፥ ከነጭ ሽንኩርት፥ ከባሮ ሽንኩርትና ከጥቂት ሶያ ሶስ ጋር ለወስነው። ለጾም ቀን ዕንቁላሉን ከሊጡ፥ ሥጋውን ከመሙያው፥ አጥንቱን ከመረቁ አውጥቶ በጥቅል ጎመን፥ በካሮትና በእንጉዳይ መሥራት ይቻላል። መዓዛውን የሚሰጠው ሰሊጥ ደግሞ ከሑመራና ከመተማ የሚመጣው የራሳችን ሰሊጥ ነው፤ ቆልተን ወቅጠን ጨመርንበት።

በእያንዳንዱ ቁራጭ ላይ አንድ የቡና ማንኪያ መሙያ አድርጎ፥ ጠርዙን በውሃ አርሶ፥ አየሩን እየገፉ በሦስት ማዕዘን ማጠፍ፤ ከዚያም ሁለቱን ጫፎች ማገናኘት ነው። አየር ከቀረበት ይፈነዳል። በሲቹዋን ክፍለ ሀገር ስሙ «እጁን ያጣመረ» የሆነው ቅርጹ እጁን አጣምሮ የተቀመጠ ሰው ስለሚመስል ነው ይላሉ።

መረቁን ከዶሮ አጥንት፥ ከዝንጅብልና ከሽንኩርት ጋር፥ አረፋውን እየገፈፍን በቀስታ 3 ሰዓት አፈላነው። ጥቅሎቹ ግን በሌላ ድስት ይቀቀላሉ፤ አለዚያ ዱቄቱ መረቁን ያደፈርሰዋል። በጉለሌ ከፍታ ውሃ የሚፈላው በ92 ዲግሪ ገደማ ስለሆነ፥ ጥቅሎቹ ከተንሳፈፉ በኋላ ሌላ 3 ደቂቃ መታገሥ ያስፈልጋል።

ጓደኞቻችን፤ አንድ ሳህን ሾርባ የአራት ሰው ግማሽ ቀን ፈጀ። ያን ጊዜ ዶሮዋን በ12 ብልት የሚያወጡት እናቶቻችን፥ ከእኛው ጋር አንድ ክፍል ተምረው ማታ ወደ ማድ ቤት የሚገቡት እኅቶቻችን ትዝ አሉን። እስከ ዛሬ እጁን አጣምሮ የተቀመጠው ሰው ማን እንደ ነበረ ገባን። እኛ ነበርን። አሁን በቤታችን ግድግዳ ላይ የማብሰያ ተራ ተለጥፏል፤ እናንተም በየመኖሪያችሁ እንድትለጥፉ እንጠይቃለን።

እማማም ሾርባውን ቀምሰው፥ «ደኅና ነው፤ በርበሬ ብቻ አነሰው» ብለውናል።