ያልተነገረው ሐኪም



አዘጋጆቹ «ጋዋኑን አውልቆ ሌላ ሙያ ስለያዘ ሐኪም ንገሪን» ሲሉኝ፣ እዚህ አዳራሽ ካላችሁት አንዱን ብጠራ ሌላው እንዳይቀየመኝ ፈርቼ ሩቅ አገር ሄድኩ። የመረጥኩት ጃፓናዊውን የካርቱን ሰዓሊ ኦሳሙ ቴዙካን ነው።

ቴዙካ የተወለደው እ.ኤ.አ. በ1928 ነው። በጦርነቱ ጊዜ ሁለቱም ክንዶቹ በቆዳ በሽታ ክፉኛ ተጎድተው እንደነበርና ያዳነውን ሐኪም አይቶ ሕክምና ለመማር እንደተመኘ ራሱ ተናግሯል። በ1945 ኦሳካ ውስጥ ሕክምና መማር ጀመረ። በተከታዩ ዓመት፣ በ17 ዓመቱ፣ የመጀመሪያው ተከታታይ ካርቱኑ በአንድ የልጆች ጋዜጣ ላይ ወጣ። ቀን ትምህርት፣ ማታ ሥዕል ሆነ። ሁለቱ አልጣጣም ሲሉት እናቱን አማከረ። የበለጠ የምትወደው የቱን ነው አለችው፤ ካርቱኑን ነው አላት፤ እንግዲያው እሱኑ ያዝ አለችው። የእኛ እናቶች እንዲህ ይሉን ነበር? እንጃ!

ትምህርቱን ግን አልተወም። የሐኪምነት ፈቃዱን አወጣ፤ በ1961ም ከናራ የሕክምና ዩኒቨርሲቲ ዶክትሬቱን ተቀበለ። እንጀራው ግን ብዕሩ ነበር። በ1952 በአንድ የልጆች መጽሔት የጀመረው «አስትሮ ቦይ» በ1963 ለቴሌቪዥን በቃ። ከ1973 ጀምሮ ደግሞ በሳምንታዊ መጽሔት ላይ «ብላክ ጃክ» የተባለ ፈቃድ የሌለው ቀዶ ሐኪም ፈጠረ። እነዚያን ታሪኮች የሚያነብ ሐኪም አንዳንዴ አንገቱን ይደፋል፤ ስለ ገንዘባችን፣ ስለ ኩራታችን፣ አቅማችን ስለሚያልቅበት ቦታ ይናገራሉና። በዕድሜው የሣላቸው ገጾች ከ150,000 በላይ ናቸው ይባላል።

አሁን ወደ ከበደኝ ነገር ልምጣ። ቴዙካ የጨጓራ ካንሰር ያዘው። በጊዜው በጃፓን እንደነበረው ልማድ፣ ሕመሙ ካንሰር መሆኑን አልነገሩትም። ሐኪሙን! አልጋው ላይ ሆኖም ይሥል ነበር። የካቲት 9 ቀን 1989፣ በ60 ዓመቱ ሲያርፍ ሦስት ተከታታይ ሥራዎች ሳያልቁ ቀሩ። ቢነገረው ኖሮ ምናልባት አንዱን መርጦ ይጨርስ ነበር። ምናልባትም ሦስቱንም ይቀጥል ነበር። ምርጫው ግን የእሱ በሆነ።

ይህን ሳነብ አንድ ጡረታ የወጡ መምህር ትዝ አሉኝ። ውጤታቸው እንደመጣ ልጆቻቸው ኮሪደር ላይ ከበው «ዶክተር፣ በማርያም፣ ለአባባ እንዳትነግሪብን» አሉኝ። ክፉ ልጆች አልነበሩም፤ እንደሚሳሱላቸው ያስታውቅ ነበር። እኔም ገብቼ «ጨጓራዎ ቆስሏል» አልኳቸው። ለጥር ተቆርጦ የነበረውን የሴት ልጃቸውን ሠርግ «ሲሻለኝ፣ ከፋሲካ በኋላ ይሁን» ብለው አስተላለፉት። ሁዳዴው ሳይገባደድ አረፉ።

«በሽታውን የደበቀ መድኃኒት አይገኝለትም» እንላለን፤ በሽተኛውን ስንወቅስ። እዚህ ላይ ግን የደበቅኩት እኔ ነኝ። መድኃኒት ባይኖረኝም፣ ሠርጉን በጥር ያዩ ነበር።

ከዚያ ወዲህ አንድ ልማድ ይዣለሁ። ገና ምርመራው ሲታዘዝ፣ ውጤቱ ሳይመጣ፣ «ውጤቱን ለእርስዎ ልንገር ወይስ ለልጆችዎ? ምን ያህልስ ማወቅ ይፈልጋሉ?» ብዬ እጠይቃለሁ። «ለልጆቼ ንገሪ» የሚሉ አሉ፤ አከብራለሁ። «ለእኔ፣ ሁሉንም» የሚሉት ግን ከጠበቅኩት በላይ ብዙ ናቸው።

መምህሮቻችን፣ ለዛሬዎቹ ተማሪዎች ስለ ዕጢ ደረጃዎች ስታስተምሩ፣ ይህችንም አንዲት ጥያቄ አስተምሩልን። ደቂቃ አትፈጅም።