ብርሃን፣ መነጽርና ዓይናችን



ዛሬ የምንነጋገረው ስለ ብርሃን ነው፤ ብርሃን እንዴት እንደሚታጠፍና መታጠፉ ከንባባችን ጋር ምን እንደሚያገናኘው። ነገሩ የሳይንስ ነው ብላችሁ አትሽሹ። «ፊደሉ እንቢ አለኝ፣ እርጅና ነው፣ ጭንቅላቴ አይቀበልም» ብለው ደብተራቸውን ያጠፉ ሰዎች በየሰፈሩ አሉ። ከእነዚህ ብዙዎቹ ጭንቅላታቸው ደኅና ነው። ችግሩ ያለው ብርሃኑ የሚያርፍበት ቦታ ላይ ነው።

እስቲ በሙከራ እንጀምር። ጎድጓዳ ሣህን ውሰዱና መሐሉ ላይ ሳንቲም አስቀምጡ። ሳንቲሙን እያያችሁ ቀስ በቀስ ወደ ኋላ ሂዱ። የሣህኑ ጠርዝ ጋርዶት ሳንቲሙ ልክ ሲሰወር ቁሙ። አሁን ሌላ ሰው ሳንቲሙን ሳያንቀሳቅስ ሣህኑ ውስጥ ውሃ ይጨምር። ተሰውሮ የነበረው ሳንቲም ብቅ ይላል! ሳንቲሙ ከቦታው አልተነሣም፣ እናንተም አልተጠጋችሁም። ከሳንቲሙ የሚመጣው ብርሃን ከውሃው ሲወጣ ታጥፎ፣ ጠርዙን አልፎ ዓይናችሁ ዘንድ ደረሰ፤ ሌላ ምሥጢር የለውም።

በዚሁ ምክንያት ጥርት ያለ ወንዝ ከላይ ሲያዩት ጥልቀቱ ያነሰ ይመስላል። አራት ክንድ የሆነው ሦስት ክንድ ያህል ሆኖ ይታያል። «ወገብ ቢደርስ ነው» ብሎ የገባ ሰው ደረቱ ድረስ ሲሰጥም የሚደነግጠው ለዚህ ነው። ዓይናቸውን ሳያምኑ በዱላ እየለኩ የሚሻገሩ አባቶች ልክ ናቸው።

ብርሃን ለምን ይታጠፋል? ፍጥነቱ ስለሚቀንስ ነው። ብርሃን በአየር ውስጥ በሴኮንድ 300,000 ኪሎ ሜትር ያህል ይጓዛል። ውሃ ውስጥ ሲገባ ወደ 225,000፣ መስተዋት ውስጥ ሲገባ ደግሞ ወደ 200,000 ይወርዳል። መቀነሱ እንዴት እንደሚያጥፈው ለመረዳት አራሽ የሆነ ሰው አይቸገርም። የተጠመዱ ሁለት በሬዎች ከደረቅ መሬት ወደ ጭቃ በሰያፍ ሲገቡ አስቡ። ጭቃውን ቀድሞ የረገጠው በሬ እርምጃው ይከብዳል። ጓደኛው ገና ደረቁ ላይ ነውና እንደቀድሞው ይሄዳል። ቀንበር አያይዟቸዋልና ጥማዱ ወደ ዘገየው በሬ በኩል ይዞራል። ሁለቱም እኩል ፊት ለፊት ቢገቡ ግን አብረው ይዘገያሉ እንጂ አይዞሩም። ብርሃንም እንዲሁ ነው፤ በቀጥታ ሲገባ አይታጠፍም፣ በሰያፍ ሲገባ ይታጠፋል። የትምህርት መጻሕፍት ይህን «የብርሃን ስብረት» ይሉታል።

ሌንስ ማለት ብርሃንን በሥርዓት እንዲያጥፍ ተብሎ የተሞረደ መስተዋት ወይም ፕላስቲክ ነው። ቃሉ በላቲን ምስር ማለት ነው፤ መሐሉ ወፍሮ ዳርና ዳሩ የሳሳው ሌንስ በእርግጥም የምስር ፍሬ ይመስላል። እንዲህ ያለው ሌንስ ብርሃንን አንድ ቦታ ላይ ይሰበስባል። መሐሉ የሰረጎደው ደግሞ ይበትናል። አጉሊ መነጽር ከሌላችሁ በመጽሐፋችሁ ገጽ ላይ ጥርት ያለ ላስቲክ አንጥፉና አንዲት ጠብታ ውሃ ጣሉበት። ከሥሯ ያለው ፊደል ተልቆ ይታያችኋል። ጠብታዋ ሌንስ ሆነች ማለት ነው።

ወደ ዓይናችን እንምጣ። በጥንት ዘመን ብዙ ሊቃውንት ዓይን ራሷ ጨረር እየላከች የምታይ ይመስላቸው ነበር። ከ1,000 ዓመት ገደማ በፊት ባስራ ተወልዶ ካይሮ የኖረው ኢብን አል ሐይሰም ግን ብርሃን ከነገሮች ተነሥቶ ወደ ዓይን እንደሚገባ አስረዳ። እ.ኤ.አ. በ1604 ደግሞ ጀርመናዊው ዮሐንስ ኬፕለር ምስሉ ከዓይን በስተጀርባ ተገልብጦ እንደሚያርፍ ጻፈ። አዎ፣ ተገልብጦ! ቀጥ አድርጎ የሚረዳው አንጎላችን ነው።

ዓይን ከፊት ወደ ኋላ 24 ሚሊ ሜትር ያህል ናት። ከፊት እንደ ሰዓት መስተዋት የሸፈናት ጥርት ያለ ስስ አካል ኮርኒያ ይባላል። ብርሃን ከሚታጠፈው ከሦስት እጅ ሁለቱን ያህል የሚያጥፈው እርሱ ነው። ወንዝ ውስጥ ዓይናችንን ስንገልጥ ሁሉ ነገር የሚደበዝዘው፣ ውሃና ኮርኒያ ብርሃንን በተቀራራቢ መጠን ስለሚያዘገዩ መታጠፉ ስለሚጠፋ ነው። ከኮርኒያ ኋላ ብሌን የምንላት ቀዳዳ አለች። ከብሌን ኋላ የዓይን ሌንስ፣ በስተመጨረሻም ብርሃኑን ተቀብሎ ወደ አንጎል የሚልከው ሬቲና ይገኛል። ብርሃኑ ልክ ሬቲና ላይ ካልተሰበሰበ ያየነው ይደበዝዛል።

የዓይን ሌንስ ከመስተዋት የሚለየው ቅርጹን መለወጡ ነው። ሩቅ ስናይ ይሳሳል፣ ቅርብ ስናይ ያብጣል። ዕድሜ ሲጨምር ግን እየደረቀ ይሄዳል፤ 40 ዓመት ገደማ ላይ ለቅርብ የሚበቃውን ያህል ማበጥ ያቅተዋል። ይህ ሀብታምና ድኻ አይልም፣ የተማረና ያልተማረም አይልም። ተራራ ላይ ያለችውን ፍየል የሚለይ ሰው መርፌ ውስጥ ክር ለማስገባት የልጅ ልጁን ይጠራል። መጽሐፉንም እያራቀ እያራቀ ይይዛል፣ በመጨረሻ እጁ ያጥረዋል።

ቀን ደጅ ላይ ያነበቡትን ማታ በኩራዝ ማንበብ ያቃታችሁም ትኖራላችሁ። ይህም የዓይን ጠባይ ነው። ብርሃን ሲያንስ ብሌን ትሰፋለች፤ በሰፊ ቀዳዳ የገባ ብርሃን በትክክል ካልተሰበሰበ ብዥታው ይብሳል። ብርሃን ሲበዛ ብሌን ትጠባለች፣ ፊደሉም ይጠራል። ከዚህ ጥሩ መፈተኛ ይገኛል። ወፈር ያለ ወረቀት በመርፌ ብሱና በቀን ብርሃን በቀዳዳዋ በኩል፣ በአንድ ዓይን ብቻ፣ ጽሑፉን ተመልከቱ። ፊደሉ ከጠራ ችግሩ በአብዛኛው የመታጠፍ ጉዳይ ነው፤ መነጽር ያስተካክለዋል። ካልጠራ ግን ሌላ ሕመም ሊኖር ይችላልና ሳትውሉ ሳታድሩ ወደ ጤና ጣቢያ ሂዱ። በቀዳዳዋ ፀሐይን ማየት ግን ክልክል ነው፤ ዓይን ያጠፋል።

የማንበቢያ መነጽር ላይ 1፣ 2፣ 3 የሚል ቁጥር ታያላችሁ። ቁጥሩ ጉልበቱን ይነግረናል፤ 1 ቁጥር የፀሐይን ብርሃን በ1 ሜትር፣ 2 ቁጥር በ50 ሳንቲ ሜትር፣ 3 ቁጥር በ33 ሳንቲ ሜትር ርቀት ይሰበስባል። የማንበቢያ መነጽር ዓይንን ያሰንፋል የሚባለው ወሬ ነው፤ ሌንሱ የሚደርቀው መነጽር ቢደረግም ባይደረግም ነው። ሆኖም ሁለቱ ዓይኖች እኩል ላይሆኑ ይችላሉና በባለሙያ መለካት ይሻላል። ከ40 ዓመት በላይ የሆነ ሰው ሲለካ የዓይን ግፊቱንም ቢታይለት መልካም ነው፤ ይህ በሽታ ሳያሳምም ዓይን ያጠፋልና።

ልጆቻችሁንም አስተውሉ። ሰሌዳው ላይ የተጻፈውን ከጓደኛው ደብተር የሚገለብጥ ልጅ ሰነፍ ላይሆን ይችላል። ዓይኑ ትንሽ ረዝማ ብርሃኑ ሬቲና ላይ ሳይደርስ የሚሰበሰብበት ልጅ፣ መሐሉ የሰረጎደ መነጽር ሲደረግለት ሰሌዳውን ያያል። ቢገርፉት ግን አያይም።

አንዳንዴ ደግሞ የዓይን ሌንስ ራሱ ይደፈርሳል፤ የዓይን ሞራ የምንለው ይህ ነው። በ1998 ዓ.ም. በአገራችን በተደረገው ብሔራዊ ጥናት ከዓይነ ስውራን መካከል ግማሽ ያህሉ ዓይናቸውን ያጡት በሞራ ምክንያት ነው። ሞራ በጠብታም በቅጠልም አይለቅም፤ ሐኪም የደፈረሰውን ሌንስ አውጥቶ በቦታው ጥርት ያለ የፕላስቲክ ሌንስ ያስገባል። ይህን ለመጀመሪያ ጊዜ ያደረገው እንግሊዛዊው ሐኪም ሃሮልድ ሪድሊ ነው፣ እ.ኤ.አ. በ1949 ለንደን ውስጥ። ቀዶ ጥገናው ዛሬ ከአንድ ሰዓት ባነሰ ጊዜ ያልቃል። አዲሱ ሌንስ ግን በአብዛኛው ቅርጹን አይለውጥምና፣ ሩቁን አጥርተው ያዩ ሰዎች ፊደል ለማንበብ ያቺው መነጽር ታስፈልጋቸዋለች።