የቆሎ ንግድና «ጤናማ» የሚለው ቃል

(በተማሪዎች ማኅበር የውይይት ምሽት ላይ የተደረገ ንግግር)



እንድናገር የታዘዝሁት ስለ ወጣትና ስለ ንግድ ነው። እኔ ግን ነጋዴ ነኝ ለማለት አልደፍርም፤ ከመኝታ ክፍል ጓደኛዬ ጋር ሆኜ ቆሎ በከረጢት እያሸግሁ የምሸጥ ተማሪ ነኝ። ስለዚህ የምናገረው ከመጽሐፍ ያነበብሁትን ብቻ ሳይሆን እጄን ያቃጠለኝንም ነው።

አባቶቻችን የአብነት ትምህርት ቤቱን ደቀ መዝሙር «የቆሎ ተማሪ» ብለው ጠርተውታል። ዜማውን ያጠናውና ቅኔውን የቆጠረው ቆሎ እየቆረጠመ ነው። እኛ ግን በዕረፍት ሰዓት ወደ ሻይ ቤት ሮጠን የምንገዛው ጣፋጭ ብስኩትና ለስላሳ መጠጥ ነው። የዓለም የጤና ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2015 ባወጣው መመሪያ፥ ሰው በቀን ከሚያገኘው ኃይል ውስጥ ከተጨመረ ስኳርና ይህን ከመሰለው የሚመጣው ከመቶ 10 እጅ እንዳያልፍ መክሯል። ይህም በቀን 2000 ካሎሪ ለሚመገብ ሰው 50 ግራም ያህል ነው። አንድ ትንሽ ጠርሙስ ኮላ ብቻውን 30 ግራም ያህል ስኳር ይዟል። እንግዲህ ሁለት ጠርሙስ የጠጣ ሰው ምግቡ ሳይቆጠር ልኩን አልፏል ማለት ነው።

እኛም ይህን አይተን ሥራውን ጀመርን። እናቴ ገብሱን ሸክሽካ ትቆላለች፤ እኛ ከሽምብራና ከሱፍ ጋር ቀላቅለን እናሽጋለን። በከረጢቱ ላይም በትልቁ «ጤናማ ቆሎ» ብለን አሳተምን። ያን ቃል ስንጽፍ ማንንም አልጠየቅንም፤ የጠየቀንም አልነበረም።

ገበያው ደህና ሲሆን ኦቾሎኒ ልንጨምር አሰብን። ከእናቴ ገንዘብ ተበድረን 20 ኪሎ ገዛን። ዋጋው ከሌላው ስለ ረከሰ ደስ ብሎን ነበር። ጆንያውን ስንፈታው ግን ከታች ያለው ረጥቦ፥ አንዳንዱ ፍሬ ጨምድዶ አረንጓዴ ሻጋታ ይዞ አገኘነው። ጓደኛዬ «የተበላሸውን ለቅመን የቀረውን ብንቆላው እሳቱ ያጠራዋል» አለ። እውነቱን ልናገር፤ ያን ሌሊት እኔም ተስማምቼ ነበር።

በማግሥቱ አንድ እፍኝ ይዤ ወደ አንድ መምህራችን ሄድሁ። እርሳቸውም እንዲህ ሲሉ አስረዱኝ። እ.ኤ.አ. በ1960 በእንግሊዝ አገር ተርኪ የሚባሉ ትልልቅ የቤት ወፎች ከ100,000 በላይ በጥቂት ወራት አለቁ። ምክንያቱ ሲመረመር ከብራዚል የመጣ የሻገተ የኦቾሎኒ መኖ ሆኖ ተገኘ። ሻጋታው የሚያወጣው መርዝ አፍላቶክሲን ተባለ፤ ሰው ለብዙ ጊዜ ሲበላው የጉበት ነቀርሳ ሊያመጣበት ይችላል። ዓይን የሚያየው ሻጋታውን እንጂ መርዙን አይደለም። እሳትም ይቀንሰዋል እንጂ ፈጽሞ አያጠፋውም። መልቀም ይረዳል፤ ነገር ግን ሳይመረመር የቀረው ንጹሕ ነው ለማለት አይቻልም። ይህን ከሰማሁ በኋላ አላወቅሁም ብዬ ማምለጥ አልተቻለኝም። 20ውን ኪሎ ለዶሮ እንኳ እንዳይደርስ ጉድጓድ ቆፍረን ቀበርነው። የእናቴን ብድር ከገብሱ ትርፍ ከፍለን እስክንጨርስ ሁለት ወር ፈጀብን።

ይህ ነገር «ጤናማ» ስለሚለው ቃል እንድመረምር አደረገኝ። በሜክሲኮ ተወልዶ በአሜሪካ የሚኖር ዳንኤል ሉቤትስኪ የሚባል ነጋዴ አለ። በወጣትነቱ በኒውዮርክ ከተማ ሱቅ ለሱቅ እየዞረ የምግብ ሸቀጥ ይሸጥ ነበር። እ.ኤ.አ. በ2004 ከለውዝና ከፍራፍሬ የተሠራ ካይንድ የተባለ መክሰስ አወጣ። በ2015 የአሜሪካ የምግብና የመድኃኒት ተቆጣጣሪ መሥሪያ ቤት ከመክሰሶቹ አራቱ ከደንቡ የበለጠ ቅባት ስላላቸው «ጤናማ» ሊባሉ አይገባም ሲል ጻፈለት። ከቅባቱም አንዱ ምንጭ ለውዙ ነበር። ኩባንያውም በዚያው ዓመት ደንቡ እንዲታረም አቤት አለ፤ ምክንያቱም በዚያ ደንብ ለውዝ ሲከለከል ስኳር የበዛበት የቁርስ እህል «ጤናማ» ሊባል ይችል ነበር። መሥሪያ ቤቱ በ2016 ስለ ቃሉ አጠቃቀም አሳቡን አላላ፤ በ2024 መጨረሻም የቃሉን ፍቺ ለውጦ ለውዝን አስገባ፥ ለተጨመረ ስኳርም ወሰን አበጀ።

ከዚህ ሁለት ነገር ተምሬአለሁ። አንደኛ፥ ደንብ ሊሳሳት ይችላል፤ ስለ ሆነም የሚያውቅ ሰው ማስረጃውን ይዞ ሊከራከር ይገባዋል። ሁለተኛ፥ ደንብ ቢኖርም ባይኖርም ገዢው ከረጢቱን ከፍቶ ሊመረምር አይችልም፤ የሚበላው በሻጩ አምኖ ነው። እኛ ያን ቃል ስናሳትም የሻገተው ኦቾሎኒ ገና አልተገዛም ነበር። ቃሉ ግን እርሱንም ሊሸፍንልን ተዘጋጅቶ ቆይቶናል።

ስለዚህ «ጤናማ» የሚለውን ከከረጢታችን ላይ አነሣነው። ዛሬ የምንጽፈው ገብስ፥ ሽምብራ፥ ሱፍ፥ ጨው፥ የተቆላበት ቀን ብቻ ነው። ጨውም ቢሆን ሲበዛ ጉዳት አለውና ልኩን በግራም ጽፈነዋል።

በመጨረሻ ለማኅበራችን ሁለት አሳብ ላቅርብ። የኬሚስትሪና የምግብ ሳይንስ ተማሪዎች በግቢያችን የሚሸጠውን ኦቾሎኒ በመምህራን መሪነት ቢመረምሩና ውጤቱን በዚህ ጋዜጣ ቢያወጡ፤ ሻይ ቤቱም በመንገድ ዳር ቆሎ በሲኒ እየሰፈሩ ከሚሸጡ እናቶች እንዲገዛ ቢደረግ መልካም ነው። እነርሱ ይህን ሥራ ከእኛ በፊት ያውቁታል። እኛ ልንጨምርላቸው የምንችለው ምርመራውንና ደረቅ መጋዘኑን ነው።