ሳር የያዙት ሊቃውንት

(ባለፈው ቅዳሜ አርባ ምንጭ ሲቀላ ለተሰበሰብን ወጣቶች ያደረግኩት ንግግር ነው። መምጣት ላልቻላችሁ ስል እዚህ ለጠፍኩት። ረዘም ይላል፣ ታገሱኝ።)



ፊልም የምትወዱ ይሄን ታሪክ ታውቁታላችሁ። ከሰው የተሰወሩ ሊቃውንት አሉ፤ ብዕር አንስተው አንድ ታሪክ ሲጽፉ ዓለም ጽሑፉን ተከትላ ትለወጣለች። ንጉሥ ይወድቃል፣ አገር ይነሳል። ቁጭ ብለን ፈንዲሻ እየበላን እናየዋለን። እኔ ዛሬ የምነግራችሁ ግን እንዲህ ያሉ ሰዎች እኛ አገር በእውን እንደነበሩ ነው። አሁንም አሉ። አንዳንዶቹን በዓይናችሁ አይታችኋል።

ከሩቁ ልጀምር። እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር በ1270 ይኩኖ አምላክ ዙፋኑን ከዛጉዌ ነገሥታት ወሰደ። ግማሽ ምዕተ ዓመት ገደማ ቆይቶ የአክሱሙ ንቡረ እድ ይስሐቅ ከጥቂት ባልደረቦቹ ጋር ክብረ ነገሥትን በግዕዝ አዘጋጀ። መጽሐፉ ራሱ ከዓረብኛ ተተረጎምኩ ይላል። ንግሥተ ሳባ፣ ሰሎሞን፣ ምኒልክ፣ ታቦተ ጽዮን፦ ልጅ ሆናችሁ የሰማችሁት ነው። እውነት ነው ወይስ አይደለም ብዬ ልከራከር አልመጣሁም፣ የብዙ ሰው እምነት ነው። እኔን የሚደንቀኝ ያደረገው ነገር ነው። ከዚያ በኋላ ዙፋን የፈለገ ሁሉ የዘር ሐረጉን ከሰሎሞን መምዘዝ ነበረበት። የ1948ቱ ሕገ መንግሥት ሁለተኛ አንቀጽ ላይ ሳይቀር ገብቷል። እስከ 1967 ድረስ አስቡት! ጥቂት ሰዎች የጻፉት ብራና ከስድስት መቶ ዓመት በላይ ማን እንደሚነግሥ ወሰነ። (በዚያ ታሪክ ውስጥ የዶርዜ ሸማኔ የት ነበር ብሎ የሚጠይቅ ካለ ጥያቄው ልክ ነው። ትርክት ሁሌም ውጭ የሚያስቀረው ሰው አለው።)

ሁለተኛው ቅርብ ነው፣ ወላጆቻችሁ ያስታውሱታል። ዎጋጎዳ። ስሙን ስትሰሙ ትስቁ ይሆናል፤ ያኔ ግን የሳቀ አልነበረም። በ1990ዎቹ መጀመሪያ፣ ይሄ ሁሉ አካባቢ ሰሜን ኦሞ ዞን በሚባልበት ጊዜ፣ ወላይታ፣ ጋሞ፣ ጎፋና ዳውሮን ገጣጥመው አንድ ቋንቋ ሠሩ። በወረቀት ላይ ሲታይ እብደት አልነበረም። አራቱ ቋንቋዎች ይቀራረባሉ፣ ለአራት ከማሳተም ለአንድ ማሳተም ይረክሳል። ችግሩ ማንም እናት ልጇን በዎጋጎዳ አላባበለችም፣ ማንም ሽማግሌ በዎጋጎዳ አልመረቀም። መጽሐፉ ክፍል ሲገባ ወላይታ ሶዶ ላይ ተማሪውም መምህሩም እምቢ አለ። ሰው ሞተ። መጽሐፉ ተሰበሰበ፣ ብዙም ሳይቆይ ዞኑ ራሱ ፈረሰ። የተማሩ ሰዎች ናቸው ይሄን ያደረጉት፣ እንደኔና እንደናንተ ዲግሪ ያላቸው። ዲግሪ ብቻውን ምን እንደሚያደርግ እኔ ሥራ ፍለጋ ከማስታወቂያ ሰሌዳ ሰሌዳ ስዞር ደህና አድርጌ አውቄዋለሁ፣ ይቅር።

አሁን ወደ መስከረም 2011።

ቡራዩ ላይ የሆነውን ልዘረዝር አልፈልግም። በሽመና የሚኖሩ ወገኖቻችን ተገደሉ፣ የተረፉት ትምህርት ቤት ውስጥ ተጠለሉ። ወሬው እዚህ ሲደርስ አሥራ ስምንት ዓመቴ ነበር። አንድ ፎቶ ደረሰኝ፣ የተቃጠለ ሬሳ። «ቡራዩ፣ ዛሬ» ብዬ ፖስት አደረግኩት። በሕይወቴ እንደዚያ ሼር የተደረገልኝ ነገር የለም። ፎቶው የቡራዩ አልነበረም። ከዓመታት በፊት ሌላ አገር የተነሳ መሆኑን ያወቅኩት ከሳምንታት በኋላ ነው። አጠፋሁት፣ ግን ከእኔ የወሰዱት ሰዎች ገጽ ላይ እስከ ዛሬ አለ።

አያችሁ፣ እኔም ያን ቀን ዓለምን በትርክት ከሚለውጡት አንዱ ነበርኩ ማለት ነው! ሰው ውስጥ የነበረው ቁጣ እውነተኛ ነበር፣ እኔ ደግሞ የሐሰት ክብሪት ጫርኩበት።

ወጣቱ ወጣ፣ እኔም ወጣሁ። ምንም ያላደረጉ፣ ከእኛ ጋር አንድ ሰፈር የሚኖሩ የኦሮሞ ልጆች ላይ ልንበቀል ነበር። ቃሉን አላሳምረውም፣ ልንበቀል። እኔ ከኋላ ስለነበርኩ ፊት ምን እንደሆነ አላየሁም። መጀመሪያ የደረሰኝ ዝምታው ነው። ጩኸቱ ከፊት ጀምሮ እየጠፋ፣ እየጠፋ እኔ ጋ ደረሰ። ገፍቼ ሳይ አባቶች ለምለም ሳር ይዘው ተንበርክከዋል። በእኛ በልጆቻቸው ፊት።

ከውጭ የመጣ ሰው፣ «ሽማግሌ ለመናቸው፣ ተመለሱ» ብሎ ያልፈዋል። ጋሞ የሆነ ግን ያውቃል። አባት ሳር ይዞ ሲንበረከክ አይታለፍም። ብታልፈው ጎሜ ነው፤ አንተ ላይ ብቻ ሳይሆን ቤትህ ላይ፣ ከብትህ ላይ፣ መሬትህ ላይ የሚወርድ። ያንን ከሕፃንነታችን ጀምሮ፣ ዱቡሻ ሲቀመጡ ጥግ ላይ ሆነን ስናይ ነው የጠጣነው። አባቶች ያን ቀን አዲስ ነገር አልፈጠሩም፣ ውስጣችን የነበረውን ነው የጠሩት። የዎጋጎዳ ሰዎች የሚጠሩት ነገር አልነበራቸውም። የይስሐቅ ታሪክ ደግሞ እሱ ከመጻፉ በፊት በሰው አፍ ውስጥ ያደረ ነበር።

ሌላም ልዩነት አለ፣ ይሄ ነው እንቅልፍ የሚነሳኝ። እኔ ፎቶውን ስለጥፍ አልጋዬ ላይ ተኝቼ ነበር። ማንም ፊቴን አያይም፣ ብሳሳት ማንም አይጠይቀኝም። እነሱ ግን አስፋልት ላይ፣ ድንጋይ የያዘ ሕዝብ ፊት በጉልበታቸው ቆሙ። ብንረግጣቸውስ ኖሮ? ተመለስን። ያን ቀን አርባ ምንጭ ልትሆነው የነበረውን ከተማ ሳትሆን ቀረች።

እኛ ይሄን ገጽ ስንከፍት ትርክት እንሥራ ብለን ነው። ጥሩ። ግን ከኮሜንት ይልቅ አንድ ነገር ልጠይቃችሁ። ያን ቀን ሳር የያዙት አባቶች ዕድሜያቸው ገፍቷል። ስንቶቻችን ነን በስልካችን ድምፃቸውን የቀዳን? ምን ብለው ተመካከሩ? መጀመሪያ ማን ተነሳ? ከመካከላቸው የፈራ፣ «ይቅርብን» ያለ ነበር? ዜናው ላይ የምናየው ተንበርክከው ነው፣ ከዚያ በፊት የነበረችውን ሰዓት ግን ብዙዎቻችን አናውቃትም።

ስለዚህ የቤት ሥራ፦ ቤታችሁ ወይም ሰፈራችሁ አንድ አባት ፈልጉ። ቡና ይዛችሁ ሂዱ። ፈቃድ ጠይቁ፣ ቅዱ፣ ቀኑንና ቦታውን ጻፉ፣ ያሉትን ሳታሳምሩ በጋምኛ እንዳሉት አስቀምጡ። ሳትሰሙ፣ ሳታጣሩ ምንም እንዳትለጥፉ። እኔ የእናቴን አጎት እሑድ ሄጄ አነጋግራለሁ፣ ጆሮአቸው ትንሽ ስለሚያስቸግር ጮክ ማለት ያስፈልጋል።

የቀዳችሁትን ይዛችሁ በሚቀጥለው ቅዳሜ ስምንት ሰዓት ላይ እዚያው ሲቀላ እንገናኝ።