በስግድ ዕለት የማይሰግድ ልጅ



ይህን ቃል የምናሰማችሁ ከቤር ሼቫ፣ ከኤመቅ ሳራ ነው። የጋራዡና የመኪናው ድምፅ ከቃላችን መካከል ቢገባ ይቅርታ እንጠይቃለን።

በዚህ ሳምንት አንድ አባት ወደ እኛ መጥተው አለቀሱ። የልጅ ልጃቸው ከውትድርና ተመልሶ፣ «አባባ፣ እኔ በእግዚአብሔር አላምንም፤ ለስግድ ግን አብሬዎት እሄዳለሁ» አላቸው። «የካደ ልጅ ይዤ እንዴት ልውጣ?» ሲሉ ጠየቁን።

ፈጥነን አልመለስንላቸውም። ከዓመታት በፊት እንዲህ ያለውን ወጣት በጉባኤ ፊት ገሥጸነው ነበር። እስከ ዛሬ አልተመለሰም፤ እናቱ ብቻቸውን ይመጣሉ።

«አምላክ የለም» ሲባል እኛ የምናስታውሰው ከ1967 ዓ.ም. ወዲህ ያየነውን ነው። ደርግ ሶሻሊዝምን ካወጀ በኋላ ካድሬው ሃይማኖትን ኋላ ቀርነት ሲለው አንገታችንን ደፍተን ሰማን። ያ ትምህርት ከጠመንጃ ጋር የመጣ ነበር።

ዳሩ ግን ክህደት ሁሉ በአንድ መንገድ አይመጣም። በአሜሪካ ሸርዊን ዋይን የሚባል ራባይ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1963 በሚሺጋን ግዛት ከስምንት ቤተሰቦች ጋር ማኅበር አቋቁሞ የእግዚአብሔርን ስም ከጸሎቱ አወጣ። ራባይ ሆኖ! መጀመሪያ ስንሰማው ቀልድ መስሎን ነበር። ሰው ከሰማይ ርዳታ ሳይጠብቅ ለወገኑ ይድረስ እያለ በአደባባይ ሲያስተምር ኖሮ፣ እ.ኤ.አ. በ2007 ሞሮኮ ውስጥ በመኪና አደጋ ሞተ። በአገራችን በእስራኤልም እ.ኤ.አ. በ2019 ያረፉት ፕሮፌሰር ያዕቆብ ማልኪን ኦሪትንና በዓላትን የሕዝብ ቅርስ አድርገው ያስተምሩ ነበር እንጂ የሰማይ ትእዛዝ ናቸው አይሉም ነበር። በሐይፋ አይሁድና ዐረብ የሚገናኙበትን ቤት ሀገፈንን ከመሠረቱት አንዱ እርሳቸው ናቸው።

እኛ ከእነርሱ ጋር አንስማማም። የበዓሉ ስም ስግድ ነው፤ የሚሰገድለት ከሌለ አባቶቻችን በጎንደር ድንጋይ ተሸክመው ተራራ የወጡት ለማን ኖሯል? ቅርስ ብቻውን ሰውን በረኃብ ተራራ አያስወጣም። ይሁን እንጂ እነዚህ ሰዎች ማንንም በኃይል አላስካዱም፤ ይህን መመስከር ይገባናል።

ኦሪት ቤርሳቤህ በምትላት በዚህችው ከተማ አባታችን አብርሃም ዛፍ ተክሎ የእግዚአብሔርን ስም ጠራ። ከዚያ አስቀድሞ ግን እዚሁ ከአቢሜሌክ ጋር፣ የቃል ኪዳኑ ልጅ ካልነበረው ሰው ጋር፣ የሰላም መሐላ ተማማለ።

ስለዚህ ለእኒያ አባት እንዲህ አልናቸው፤ ልጁን በክርክር አያሳድዱት። መስገድ ካልፈለገ አይስገድ፤ ጃንጥላውን ይያዝልዎ፣ ክንድዎን ይደግፍ። የነህምያ ጸሎት ሲነበብ ለምን እንደሚያለቅሱ ከጠየቀዎ፣ በሱዳን በረሃ የቀሩትን ወገኖቻችንን በስማቸው ይንገሩት። ነገ ማለዳ አውቶቡሱ ሲነሣ ከጎንዎ ያለውን ወንበር ለእርሱ ይያዙለት።

አምላከ እስራኤል ጾማችሁንና ጸሎታችሁን ይቀበል። አሜን።